«3ይሽ» ሩዝ ነው ወይስ ዳቦ? አስቸኳይ እርዳታ እፈልጋለሁ

ባለሱቁ፦ ሰላም ለእናንተ ይሁን። ኩዌት ውስጥ የምግብ ሸቀጥ በድረ ገጽ እንሸጣለን። ከትናንት ማታ ጀምሮ መፈለጊያው ለብዙ ደንበኞች ባዶ ገጽ ይመልሳል፤ ዐረብኛውን በላቲን ፊደል፣ ያውም ከቁጥር ጋር ቀላቅለው እየተሳሳቱ ስለሚጽፉ ነው። በእኛ ፊደል ሳስቀምጠው «7ሊብ»፣ «6ማ6»፣ «5ብዝ» እንደማለት ነው። «3ይሽ» ደግሞ ቀድሞም ቅሬታ ነበረበት። እስከ ነገ ጠዋት እንዲስተካከል ታዝዣለሁ።

ሰዋስው፦ ወንድሜ፣ ደንበኞቹ አልተሳሳቱም። ላቲን ለእነዚህ ድምፆች ፊደል ስለሌለው ቁጥሩ በአብዛኛው በመልክ ይተካዋል፤ 3 «ዐይን» የተባለው የዐረብኛ ፊደል ተገልብጦ የታየ ነው፣ 7ም የዐረብኛውን «ሐ» ቅርጽ ይመስላል። የግዕዝ ፊደል ላለን ለእኛ ነገሩ ባዕድ ሊሆን አይገባም፤ 7 ሐ፣ 5 ኀ፣ 3 ዐ፣ 6 ጠ ብለው ያንብቡት። «7ሊብ» ግዕዙም ሐሊብ የሚለው ወተት ነው፣ «5ብዝ» የኅብስት ዘመድ የሆነው ዳቦ ነው፣ «6ማ6» ቲማቲም ነው።

ፈጣን፦ ቁጥሮቹን በሙሉ ሰርዘው ቢፈልጉ ይበቃል።

ባለሱቁ፦ ትናንት ማታ ያደረግሁት እርሱን ነው።

ኩዌት ነዋሪ፦ እንግዲያው ችግሩ ከዚያ መጥቷልና ቁጥሮቹን አሁኑኑ ይመልሷቸው። ቁጥሩን ወደ ፊደል የሚቀይሩት ቃሉ የታወቀ መለኪያ ካልያዘ ብቻ ይሁን፤ አለዚያ «5ኪሎ» ብሎ ሩዝ የሚፈልገውን ሰው ያጡታል። 9ን ይጠንቀቁበት፤ እዚህ ጸ ሆኖ «9ቡን» ሳሙና ሲሆን፣ ከሞሮኮ የመጣ ሰው ግን ቀ አድርጎት «9ህዋ» ብሎ ቡና ይጽፋል። ግብፃዊው ያንኑ ቡና «2ህዋ» ይለዋል፣ «ቀ» የሚለውን ድምፅ በንግግሩ ስለሚውጠው። አናባቢውን እያንዳንዱ እንደፈቀደው ስለሚጽፈው፣ ቃላቱን በተነባቢዎቻቸው ብቻ ያነጻጽሩ።

ፈጣን፦ እኔ አሁንም መሰረዙ ይቀላል እላለሁ።

ሥርዓት፦ ደንበኞቹ በዐረብኛ ፊደል ብቻ እንዲጽፉ ማድረግ አይሻልም?

ኩዌት ነዋሪ፦ አይሻልም፤ ከልማዳቸው ጋር ከተጣሉ ወደ ሌላ ሱቅ ይሄዳሉ። «3ይሽ»ን በተመለከተ፣ ቃሉ ለኩዌታዊ ሩዝ፣ ለግብፃዊ ዳቦ ስለሆነ ቁጥርን ወደ ፊደል የሚቀይር የትኛውም ሰንጠረዥ አይፈታውም። ሁለቱንም ያሳዩ፤ ያው ደንበኛ ቀደም ሲል የገዛውን ከላይ ያስቀድሙለት።

ሰዋስው፦ ዶሮንም አይርሱ፤ መዝገበ ቃላቱ ደጃጅ ቢልም የኩዌት ሰው «ድያይ» ብሎ ነው የሚጽፈው።