የድሬዳዋው ደቻቱ ወንዝ ላይ የሚታየው ስስ ውሃ ምን ይባላል? "ደራሽ"ስ ከየት መጣ?

ከዚራ፦
ከከተማው በላይ፣ ደጋው ደንገጎ በኩል ዘንቦ ሲያባራ ደቻቱ አሸዋ ላይ ከቁርጭምጭሚት የማያልፍ፣ ፊቱ እየተሸበሸበ የሚወርድ ውሃ ይታያል። "ጅረት" ይባላል? "ደራሽ" የሚለውስ? ለመሻገርስ ምኑ ይታያል?

ገንደ ቆሬ፦
ጅረት ሳይቋረጥ የሚወርድ ትንሽ ወራጅ ነው፤ ወዲያው አሸዋ ለሚጠጣው ውሃ አይሆንም። "ስስ ወራጅ" ብትሉት ይበቃል። ጠጠር ላይ ጠርቶ ሲወርድ "ኩልል" ይላል፤ ለድፍርስ ጎርፍ ግን ማንም እንዲያ አይልም። "ደራሽ" ከ"ደረሰ" ነው፦ እዚህ ጠብ ሳይል ከላይ የዘነበው ድንገት ይደርሳል። በግዕዝ "ወሐዘ" ፈሰሰ፣ ጎረፈ ማለት ነው፤ ወራጁ "ውሒዝ"፤ የትግርኛው "ውሕጅ" ዛሬም ጎርፍ ነው። በኦሮምኛ ወንዝ "ለገ" ነው፤ ለገጣፎና ለገዳዲ ከዚያ ናቸው። የአዲስ አበባው ለገሀር ግን የፈረንሳይኛ ባቡር ጣቢያ ነው፣ ወንዝ የለበትም።

ሳቢያን፦
ሽብሽቡን ልብ ብላችሁ እዩት። ውሃው እያለፈ ሽብሽቡ ባለበት ከቆመ ፍጥነቱ አይሏል፦ በ10 ሴንቲ ሜትር ጥልቀት በሰከንድ 1 ሜትር፣ በ30 ሴንቲ 1.7 ሜትር አካባቢ። እንዲህ ያለው ውሃ አሸዋውን ከእግር ስር ይሸረሽራል፤ ሰውን የሚጥለው ጥልቀቱ ብቻ አይደለም፣ መርገጫ ማሳጣቱም ነው።

መጋላ፦
ፍጥነቱን ለመገመት ዳር ዳሩን 10 ሜትር ለክታችሁ ጭራሮ ጣሉ፣ ሰከንድ ቁጠሩ። 10ን በሰከንዱ አካፍላችሁ በ0.85 አባዙ፤ የላዩ ውሃ ከስሩ ይፈጥናልና። ያንን በጥልቀቱ (በሜትር) ስታባዙ 0.4 ከደረሰ ልጅ አይግባ፤ 0.6 ላይ አዋቂም ይቅር። 6 ሰከንድ ከፈጀ ፍጥነቱ 1.4 ነው፤ በ30 ሴንቲ ጥልቀት 0.42 ይመጣል።

ባጃጅ ስሌት አያስፈልገውም፣ አይግባ። ቀላል ነው፣ ሞተሩም ከኋላ ዝቅ ያለ ነው፤ 30 ሴንቲ ወራጅ ውሃ ትንሽ መኪና እንኳ ያንሳፍፋል። ውሃው ድንገት ከደፈረሰ፣ ጭራሮና አረፋ ካመጣ ወይም ከላይ ጉርምርምታ ከተሰማ ልኬቱን ትታችሁ ውጡ። ሐምሌ 30 ቀን 1998 ከ200 በላይ ሰው የገደለው ደራሽ የመጣው ሌሊት ነበር፤ በጨለማ እነዚህ ምልክቶች አይታዩም።

ከዚራ፦
ጥልቀቱስ በምን ይለካ?

መጋላ፦
ከዳር ሆኖ በረጅም እንጨት። መታጠፊያ ላይ ጥልቁ የውጪው ዳር ነው፤ ቀጥ ያለ፣ ሰፋ ያለ ቦታ ፈልጉ። በድፍርስ ውሃ ጉድጓድ ስለማይታይ አንድ ቦታ ለክቶ ማመን አይበቃም።