ጥቆማ፦ የቨርቹዋላይዜሽን ላይሰንስ ቁልፍን ከተርሚናል ለመቆጣጠር የቱ ይሻላል?

የኢኤስኤክስአይ (በአንድ ሰርቨር ላይ ብዙ ቨርቹዋል ማሽኖችን፣ ማለትም እንደ ራሳቸው ኮምፒውተር የሚሠሩ ሶፍትዌሮችን፣ የሚያስኬድ የቪኤምዌር ሶፍትዌር) ላይሰንስ ጊዜው ሲያልፍ ወዲያው አይታወቅም። የተነሱት ቨርቹዋል ማሽኖች መሥራታቸውን ይቀጥላሉ። ጣጣው የሚመጣው አንዱን አጥፍታችሁ መልሳችሁ ልታስነሱት ስትሉ ነው፤ እምቢ ይላል። ብሮድኮም በ2023 መጨረሻ ቪኤምዌርን ከገዛ በኋላ ቋሚ ላይሰንስ መሸጥ ስለቀረ፣ ይህ ነገር ብዙ ሰው ላይ ይደርሳል። ስለዚህ መሣሪያ ስመርጥ እኔ ከሁሉ በፊት የማየው ላይሰንሱ የሚያበቃበትን ቀን በቀላሉ ማሳየቱን ነው። ቁልፍ ማስገባትማ ሁሉም ያስገባል።

ብዙ ሆስት (ቨርቹዋል ማሽኖቹ የሚሠሩበት ሰርቨር) ላለው ሰው ምርጫዬ ፓወርሲኤልአይ የሚባለው የቪኤምዌር የትእዛዝ መሣሪያ ነው። አንዴ ከቪሴንተር (ሆስቶቹን ሁሉ ከአንድ ቦታ ከሚያስተዳድረው ሶፍትዌር) ጋር ካገናኛችሁት «ጌት-ቪኤምሆስት» የየሆስቱን ቁልፍ ያወጣል፤ «ሴት-ቪኤምሆስት» ይቀይረዋል። የሚያበቃበትን ቀን በ«ጌት-ቪው» ከላይሰንስ ማኔጀሩ ታገኙታላችሁ። እነዚህን ትእዛዞች በአንዲት አጭር ስክሪፕት ጽፋችሁ በየሳምንቱ እንድትሠራ አድርጓት፤ ያን ያህል እረፍት የሚሰጥ ነገር የለም። ሊኑክስና ማክ ላይም ትሠራለች።

ሆስታችሁ አንድ ከሆነ ቪም-ሲኤምዲ ይበቃል። ከኢኤስኤክስአይ ጋር አብሮ የሚመጣ ትእዛዝ ነው፤ በኤስኤስኤች (ከርቀት ወደ ሰርቨሩ ተርሚናል መግቢያ) ገብቶ «ሾው» ወይም «ሴት» ማለት ነው። ሆስቱ በቪሴንተር ሥር ካለ ግን በዚህ አትነካኩት፤ እዚህ የቀየራችሁትን ቪሴንተር አያውቀውም። ደግሞ ይህ ሁሉ እስከ ቪስፌር (ኢኤስኤክስአይንና ቪሴንተርን የያዘው ጥቅል) 8 ነው። 9 ላይ ባለ25 ፊደል ቁልፉ ቀርቶ በላይሰንስ ፋይል ተተክቷል።

ሌላው የቨርቹዋላይዜሽን ሶፍትዌር ፕሮክስሞክስ ከሁሉም ይቀላል። «ፒቪኢሰብስክሪፕሽን ጌት» ብትሉ ሁኔታውንም የሚታደስበትንም ቀን ያሳያል። ቁልፉ ቢያልቅ እንኳ ማሽኖቹ አይቆሙም፤ የሚቀርባችሁ ማሻሻያዎች የሚወርዱበት የኢንተርፕራይዝ ማከማቻውና የድጋፍ አገልግሎቱ ነው። ለእያንዳንዱ ኖድ (ሰርቨር) የራሱ ቁልፍ ያስፈልጋል። ቁልፉ ከሰርቨሩ መለያ ጋር ስለሚታሰር እንደ አዲስ ስትጭኑ በድጋሚ ማስፈቀድ አለባችሁ።

የማይክሮሶፍቱ ሃይፐር-ቪ ራሱ ቁልፍ አይፈልግም፤ የሚፈልጉት የሆስቱ ዊንዶውስና በውስጡ ያሉት ዊንዶውሶች ናቸው። እነሱን «ኤስኤልኤምጂአር» በተባለው የዊንዶውስ ትእዛዝ ትከታተላላችሁ። ሆስቱ ዳታሴንተር ኤዲሽን ከሆነ ዊንዶውስ ሰርቨሮቹን ራሱ አክቲቬት ሊያደርግላችሁ ይችላል።

አንድ ነገር አደራ። ኢኤስኤክስአይ በተርሚናል የጻፋችሁትን ሁሉ «ሼል.ሎግ» ላይ ይመዘግባል፤ ቁልፉም እንዳለ እዚያ ይቀመጣል። ያንን ሎግ ለድጋፍ ሰጪ ከመላካችሁ በፊት ከፍታችሁ ቁልፉን አጥፉት።