የማትጠቀምበትን ዕቃ ከሱቅ የምትወስድ እህት፦ አመል ነው ወይስ ሕመም?

ታናሽ እህት (ጠያቂ)፦
ታላቅ እህቴ ጥሩ ሥራ ያላት፣ በገንዘብም የማትቸገር ሴት ናት። ሆኖም ከሱቅ ትንንሽ ዕቃዎችን ሳትከፍል ይዛ እንደምትወጣ በቅርቡ ራሷ አጫወተችኝ። መሳቢያዋን ከፍታ ስታሳየኝ ዋጋቸው እንደተለጠፈባቸው ያሉ የከንፈር ቀለሞች፣ የፀጉር ማስያዣዎች፣ ልጅ ሳይኖራት የሕፃን ካልሲዎች ጭምር አየሁ፤ በአንዳቸውም አልተጠቀመችም። ከመውሰዷ በፊት ደረቷን ጭንቅ እንደሚላትና እጇን እንደሚያልባት፣ ይዛ ስትወጣ ቅልል እንደሚላት፣ ማታ ግን ኀፍረቱ እንቅልፍ እንደሚነሳት ነግራኛለች። ቤተሰቡ ቢሰማ «ክፉ አመል» ከማለት የሚያልፍ አይመስለኝም። በእርግጥ ሕመም ሊሆን ይችላል? ሕክምናስ አለው?

የአእምሮ ጤና ባለሙያ፦
የገለጹት ነገር ክሌፕቶማኒያ (ለመቋቋም የሚያስቸግር የመስረቅ ግፊት) ከሚባለው ችግር ጋር በእጅጉ ይመሳሰላል፤ ቁርጡን መናገር የሚችለው ግን በአካል የሚመረምራት ባለሙያ ነው። እኛ በቅድሚያ የምንጠይቀው ምን ወሰደች ብለን ሳይሆን ከመውሰዷ በፊትና በኋላ ምን ተሰማት ብለን ነው። ለጥቅም የሚሰርቅ ሰው አስቦበት፣ የሚፈልገውን ወይም የሚሸጠውን ይወስዳል፤ በክሌፕቶማኒያ ግን ዕቃው እምብዛም አያስፈልግም፣ ድርጊቱም ከቂም ወይም ከቁጣ የመነጨ አይደለም፤ እየጨመረ የሚሄደው ውጥረት በመውሰድ ይረግባል፣ ያች አጭር እፎይታም ግፊቱ ተመልሶ እንዲመጣ ታደርገዋለች። የዓለም ጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. ከ2022 ጀምሮ ሥራ ላይ ባዋለው የበሽታዎች ምደባ ክሌፕቶማኒያን ከፓይሮማኒያ (እሳት የመለኮስ ግፊት) እና በየጊዜው ከሚገነፍል ቁጣ ጋር ግፊትን ካለመቆጣጠር ሕመሞች መድቦታል። የቁማር ችግር ቀድሞ አብሮ ይቆጠር ነበር፤ አሁን ወደ ሱስ ምድብ ተዛውሯል።

ሕክምናው በዋናነት ኮግኒቲቭ ቢሄቪየራል ቴራፒ (አስተሳሰብንና ባህሪን ለመለወጥ የሚረዳ የንግግር ሕክምና) ነው። ታካሚዋ ግፊቱ የሚቀሰቀስበትን ሰዓት፣ ቦታና ስሜት መለየት ትማራለች፤ እጇ ወደ ዕቃው ሲዘረጋ ስትያዝ፣ ሰው ከቧት ሲመለከታትና ቤተሰቧ ሲጠራ በዝርዝር እንድታስብ የሚደረግበት ልምምድም አለ፤ ደስ የሚል አይደለም፣ የሚረዳቸው ሰዎች ግን አሉ። ከመድኃኒት በኩል ለአልኮል ሱሰኝነት የሚታዘዘው ናልትሬክሶን ግፊቱን እንደሚያረግብ በትንንሽ ጥናቶች ታይቷል፤ ከመታዘዙ በፊት የጉበት ምርመራ ሊያስፈልግ ይችላል፣ ኦፒዮይድ ያለበት (እንደ ሞርፊን ያለ) የሕመም ማስታገሻ ለሚወስድ ሰውም አይሰጥም። ድብርትና ጭንቀት ብዙ ጊዜ አብረው ስለሚገኙ እነሱም መታከም አለባቸው።

የታማሚ ልጅ፦
ሐኪሙን ስታገኙ የምትወስዳቸውን መድኃኒቶች ሁሉ ንገሩት። አባቴ የፓርኪንሰን (ሰውነትን የሚያንቀጠቅጥና እንቅስቃሴን የሚያዘገይ የአንጎል ሕመም) ሕመምተኛ ነው፤ ዕድሜውን ሙሉ ካርታ ነክቶ የማያውቅ ሰው ለዚሁ ሕመም የሚታዘዘውን ፕራሚፔክሶል ከጀመረ በኋላ ሌሊት እየተነሣ ቁማር መጫወት ጀመረ። እኛ እርጅና ነው ብለን ስንገሥጸው ከረምን። ይህ መድኃኒትም ሆነ መሰሉ ሮፒኒሮል በአንጎል ውስጥ የዶፓሚንን (እንቅስቃሴንና የደስታ ስሜትን የሚመራ ኬሚካል) ሥራ ስለሚሠሩ በአንዳንድ ሰዎች ላይ የቁማር፣ የግዢ፣ የመብላት ወይም የወሲብ ግፊት ይቀሰቅሳሉ። ሐኪሙ መጠኑን ቀስ በቀስ ሲቀንስለት ግፊቱም አብሮ ረገበ። በራስ ፈቃድ በድንገት ማቋረጥ ግን አደገኛ ነው።

ታናሽ እህት (ጠያቂ)፦
እግዚአብሔር ይስጥልኝ። እህቴ ምንም መድኃኒት አትወስድም። የሚያስፈራት ለባለሙያው ከተናገረች ለፖሊስ ይነገርብኛል የሚለው ነው።

የአእምሮ ጤና ባለሙያ፦
ፍርሃቷ ተገቢ ነው። የሙያው ግዴታ ምስጢር መጠበቅ ነው፤ ወሰኑ ግን እንደ ሕጉ ስለሚለያይ ዝርዝሩን ከማውራቷ በፊት «ምስጢሬ እስከ የት ይጠበቃል?» ብላ ትጠይቅ። ሕመም መሆኑ ብቻውን ከተጠያቂነት ነፃ አያወጣም፤ ስለዚህ ዕቃዎቹን ለመመለስ ካሰበች መጀመሪያ የሕግ ባለሙያ ታማክር። እርስዎም መሳቢያዋን እየፈተሹ አይጠብቋት፤ ይልቅ ወደ ገበያ ስትሄድ የምትገዛውን ጽፋ፣ ትልቅ ቦርሳ ሳትይዝ፣ ከተቻለ ከእርስዎ ጋር እንድትሄድ ይስማሙ። ኀፍረቱ በርትቶባት መኖር አልፈልግም የሚል ቃል ከሰሙ ግን ቀጠሮ ሳይጠብቁ በዚያው ቀን ወደ ሕክምና ይውሰዷት።