ትኬት ገዝቼ ላልቅስ እንዴ?

የጦሳ ልጅ፦ እሁድ ማታ ደሴ የኮሜዲ ምሽት ነበር። ባለቤቴን ይዤ ገባሁ። ልጁ (ስሙን አልጠራም፣ የሰፈራችን ልጅ ነው) አንድ ሰዓት ሙሉ በሳቅ ገደለን። መጨረሻ ላይ የጥቅምት 2014ን የጦርነት ሽሽት አነሳ። ሰው ሁሉ ወርቁን፣ ሰነዱን፣ ብርድ ልብሱን ሲይዝ እናቱ ጀበና አቅፋ ወጣች። «እማ፣ የቤቱ ካርታስ?» ሲላት «ካርታ ይፈላል እንዴ?» አለችው። አዳራሹ ተናጋ። ከዚያ ደብረ ብርሃን መጠለያ ውስጥ ቡና ባፈላች ቁጥር ለቀረው ወንድሙ አንድ ስኒ ትቀዳለች። «ይቀዘቅዛል እኮ» ሲላት «ይቀዝቅዝ፣ እሱ እንደሁ ድሮም ጠርተውት ቶሎ መጥቶ አያውቅም።» በቃ። ባለቤቴ ስትንሰቀሰቅ አደረች። ይሄ ቀልድ ነው? እንባችንን መልሶ ለኛው ሸጠልን!

ሰኞ ገበያ፦ «ሸጠልን» ካልክ ጠቅሞሃል ማለት ነው። ሰው «ቤት ሠራልኝ» ይላል፣ «ቤት አፈረሰብኝ» ይላል። ከተከፋህ «ሸጠብን» በል።

የጦሳ ልጅ፦ ሽሙጥ ነው ወንድሜ። ሽሙጥ አታውቅም?

ሰኞ ገበያ፦ አውቃለሁ። ግን እውነቱ ከአፍህ አመለጠህ።

ቦርከና፦ እኔ ለዚሁ ብዬ ከኮምቦልቻ የሐረጎን ዳገት ወጥቼ ነው የመጣሁት። ያን ሐረጎ በዚያን ሰሞን በእግሬ ነው የወረድኩት፣ ልጅ አዝዬ። ከዚያ በኋላ በመኪና ባለፍኩ ቁጥር ዓይኔን እጨፍናለሁ። እሁድ ማታ ስመለስ ግን ጀበናዋ ትዝ እያለችኝ ብቻዬን ስስቅ ሹፌሩ በመስታወት ያየኝ ነበር። እያለቀስኩም ነው ታዲያ። ሁለቱም አንድ ላይ ሲመጣ ምን ይባላል?

የጦሳ ልጅ፦ የኮምቦልቻ ሙቀት ይባላል 😂

ቦርከና፦ እናንተ ደግሞ ብርዱ ፊታችሁን አድርቆት ስትስቁም ስታለቅሱም አይለይም።

ከሸገር፦ ኮሜዲ ማለት ማሳቅ ነው። ማስለቀስ የድራማ ሥራ ነው። አለቃ ገብረ ሃና ሰው አስለቅሰው ያውቃሉ?

ሰኞ ገበያ፦ ስንቱን ሹም አስለቅሰዋል! ለመሆኑ አንተ ያኔ የት ነበርክ?

ከሸገር፦ ምን አገናኘው?

ሰኞ ገበያ፦ ሽሽቱን በቲቪ ያየ ሰው የእንባ ደንብ አያወጣልንም።

እቴ የሆጤዋ፦ ልጆቼ፣ ለቅሶ ቤት ተቀምጣችሁ አታውቁም? ሠልስቱ ላይ የሟችን ጉድ የሚያነሳ አንድ ሰው አይጠፋም። ባለቤቴ ያረፈ ጊዜ ጎረቤታችን ሐጂ ተነስተው እንዴት አንድ ዶሮ ሦስት ጊዜ እንደሸጠላቸው አወሩ። ሳቅኩ፣ በነጠላዬ ተሸፍኜ ሳቅኩ። እንባዬም የወረደው ያኔ ነው፣ እስከዚያ ደርቄ ነበር። ማንም ሐጂን አልተቀየማቸውም።

የጦሳ ልጅ፦ እቴ፣ እርስዎን አከብራለሁ። ግን ሐጂ ትኬት አልሸጡም።

ሰኞ ገበያ፦ ዶሮው ግን ተሸጦላቸዋል 😂

አምባሰል፦ ከአራቱ ቅኝት ሁለቱ፣ ባቲና አምባሰል፣ በኛው አገር ስም ነው የሚጠሩት። ትዝታንም ቢሆን ወሎ የኔ ነው ይላል። ሠርግ ላይ ትዝታ ሲነሳ የሙሽራዋ እናት ታለቅሳለች፣ ከዚያው ተነስታ ትጨፍራለች። ዘፋኙን ብሬን መልስ ያለ አለ? ለዘፈን የፈቀድነውን ለቀልድ ስንከለክል ነው የማይገባኝ።

ዝምተኛው፦ የኔም ወንድም አልተመለሰም። ልጁ ስለ እናቱ ማውራት መብቱ ነው። እኔ ግን ልስቅ ነው የገባሁት። ጎኔ ያለው ሰውዬ «ቶሎ መጥቶ አያውቅም» ሲባል ጭኑን እየመታ ሳቀ። እሱ የሳቀው በአባባሉ ነው፣ አውቃለሁ። ጆሮዬ ግን እንደዚያ አልሰማውም። ቢያንስ በር ላይ ይህ ነገር ይነሳል ቢሉን ምን ነበረበት?

ቦርከና፦ አላህ ይመልስልህ። እዚህ ላይ መልስ የለኝም።

ከሸገር፦ ያው እኔ ያልኩት ነው።

ዝምተኛው፦ አይደለም። አንተ ያልከው ሌላ ነው።

እማማ በረካ፦ ይቅርታ፣ ማንም አላነሳውም እንጂ ትርፏ ስኒ የስንተኛዋ ናት? አቦል ላይ ከሆነ ይመጣል ብላ ነው። በረካ ላይ ከሆነ ግን ተስፋ ቆርጣለች።

ቦርከና፦ በኛ ቤት አወል ነው የሚባለው፣ አቦል የእናንተ ነው።

እማማ በረካ፦ ምን ልዩነት አለው?

ቦርከና፦ ትልቅ ልዩነት አለው!

አምባሰል፦ በዚህማ እስከ ነገ አትግባቡም።

የጦሳ ልጅ፦ ባለቤቴ ይህን ሁሉ አንብባ ምን ብትለኝ ጥሩ ነው? የሚቀጥለው እሁድ እናቷን ይዛ ልትሄድ ነው። እኔ አልገባም። ውጭ ማኪያቶ እየጠጣሁ እጠብቃቸዋለሁ።

ሰኞ ገበያ፦ እና የሁለቱን ትኬት ማን ይከፍላል?

የጦሳ ልጅ፦ እኔ።

ሰኞ ገበያ፦ ሸጠልህ ወይስ ሸጠብህ?

የጦሳ ልጅ፦ አቦ ተወኝ።