የእህቴን ልጅ ለክረምት ወደ አዳማ ስለማምጣት

ጠያቂ፣ ከአዳማ፦
ጤና ይስጥልኝ። እህቴ በመጋቢት ወር ዋሽንግተን ዲሲ ውስጥ መንገድ ስታቋርጥ መኪና ገጭቷት አረፈች፤ የዘጠኝ ዓመት ልጇ እጇን ይዞ ነበር። አባቱ ሁለት ፈረቃ ስለሚሠራ ልጁ በሳምንቱ ትምህርት ቤት ገባ፤ ከዚያ ወዲህ ምን ሆንክ ያለው ሰው የለም፤ የሕንጻው ነዋሪዎችም በሊፍት አብረውት ሲወርዱ ስልካቸውን ነው የሚያዩት። አሁን የአምቡላንስ ድምፅ ሲሰማ አልጋ ሥር ይገባል፤ ሌሊት ሽንቱ ያመልጠዋል። ክረምቱን እኛ ጋር እንዲከርም፣ የአሜሪካ ፓስፖርት ላለው ልጅ ምን ወረቀት ያስፈልጋል? እናቴን ደም ግፊት ስላለባት እስካሁን አላረዳናትም፤ ልጁም ሲደውል «እማዬ ሥራ ላይ ናት» እንዲል ነግረነዋል።

ከሲልቨር ስፕሪንግ፦
ነፍስ ይማር፤ እግዚአብሔር ያጽናችሁ። እናቱ ኢትዮጵያዊት ስለነበረች በ1994 ዓ.ም. በወጣው አዋጅ ቁጥር 270 መሠረት ቢጫ ካርድ (የትውልደ ኢትዮጵያዊ መታወቂያ) ማውጣት ይችላል፤ ካርዱ ያለው ሰው ለመግባት ቪዛ፣ ለመቀመጥም የመኖሪያ ፈቃድ አይጠየቅም። ለአንድ ክረምት ግን የቱሪስት ቪዛ ይበቃዋል። አባትየው ደግሞ ለትምህርት ቤቱ የሥነ ልቦና አማካሪ በጽሑፍ ያመልክት፤ የዲሲ የቋንቋ ተደራሽነት ሕግ በፈረንጆች 2004 ከወጣ ጀምሮ አማርኛ ከሚሠራባቸው ቋንቋዎች አንዱ ስለሆነ አስተርጓሚ ጠይቆ ማግኘት ይችላል። እዚህ አገር ያልጠየቀ ወላጅ አይታይም።

ከቶሮንቶ፦
እኔ ልጅ ሳለሁ አዳማ ውስጥ ከጋሪ ወድቄ ባለቅስ፣ የማላውቃቸው ሴቶች «የማን ልጅ ነህ?» እያሉ ጉልበቴን በነጠላቸው ጠርገው ቤቴ አደረሱኝ። ይምጣ።

ከስደት ተመላሽ፣ ከአዳማ፦
ወረቀቱ ቀላሉ ነው። እናቱ ስትሞት ያየ ልጅ አያቱ ፊት ተቀምጦ ክረምቱን ሙሉ «ሥራ ላይ ናት» ሊል ነው? እዚያ የሚጠይቀው አጣ፤ እዚህ ደግሞ እንዳይናገር አዘዛችሁት። መጀመሪያ እናታችሁን አርዱ።

ጠያቂ፦
ወንድሜ፣ እናት በመርዶ ስትወድቅ አይተህ ታውቃለህ? አጎታችን ከሲያትል ሳይመጣ እንዴት ይሆናል?

ከስደት ተመላሽ፦
አይቻለሁ፤ የገዛ እናቴን። ሐኪም አጠገቧ አድርጋችሁ፣ የንስሐ አባቷንና ዕድርተኞቿን ጠርታችሁ በማለዳ ይነገራት። አጎት እስኪመጣ የሚጠብቀው ልጁ ነው።

ከሲልቨር ስፕሪንግ፦
እዚህ ሆነን በሰው ቤት መርዶ አንፍረድ። የተጠየቀው ስለ ቪዛ ነው።

ጠያቂ፦
ትናንት ማታ ደውሎ ነበር። እናቴ «ስንት ሰዓት ነው የምትወጣው?» አለችው። ዝም አለ፤ ስልኩን ከእጇ ተቀበልኩ። የቱሪስት ቪዛው በስንት ቀን እንደሚደርስ የሚያውቅ ካለ ይንገረኝ።