የቪኤችኤስ ፊልሞችን ወደ ነፃ ማኅደር ማስገባት፦ የምስልና የድምፅ ችግር

ጠያቂ፦ ሰላም ለሁላችሁ። በዲስክም በኢንተርኔትም የማይገኙ 40 ያህል ታዋቂ ፊልሞች በቪኤችኤስ ካሴት አሉ፤ ሰው ሁሉ በነፃ እንዲያያቸው ኢንተርኔት አርካይቭ የሚባለው ነፃ የኢንተርኔት ማኅደር ላይ ማስቀመጥ ነው የታሰበው። በዩኤስቢ መቅረጫ ወደ ኤምፒ4 ሲቀዱ ግን የምስሉ አናት ይጣመማል፤ ከግማሽ ሰዓት በኋላ ድምፁ ከምስሉ ወደ ኋላ ይቀራል፤ ሰው ሲሮጥ ጠርዙ እንደ ማበጠሪያ ጥርስ ይሆናል። ምን ይደረግ?

ዴክ ጠጋኝ፦ የሦስቱም ምክንያት ይለያያል። አናቱ የሚጣመመው ቴፑ ሲሳሳብ የመስመሮቹ ጊዜ ስለሚዛባ ነው። ቲቢሲ የሚባለው የጊዜ ማስተካከያ ያቃናዋል፤ አንዳንድ ኤስ-ቪኤችኤስ ዴኮች (የተሻሻሉ የካሴት ማጫወቻዎች) ውስጣቸው አላቸው። ድምፁ የሚዘገየው ፍሬም (ነጠላ ምስል) እየተዘለለ ምስሉ ስለሚያጥር ነው፤ ሲቀዳ ኮምፒውተሩን ሌላ ሥራ አታሠራው፣ ወደ ውስጥ ዲስክ ቅዳ እንጂ በዩኤስቢ ወደተሰካ ዲስክ አይሁን። ማበጠሪያው ግን ብልሽት አይደለም። ቪኤችኤስ ጎዶሎና ሙሉ ቁጥር መስመሮችን በተለያየ ቅጽበት ነው የሚይዘው። በዋናው ቅጂ ላይ እንዳትነካው፤ አንዴ ከተዋሃደ መልሰህ አትለየውም።

ገመዱም ኤስ-ቪዲዮ ይሁን። ካሴቱ ብርሃኑንና ቀለሙን ለይቶ የያዘውን የተለመደው ቢጫው የምስል ገመድ መልሶ ይቀላቅለዋል።

ካሴቱን ከማጫወትህ በፊት በመስኮቱ እየው። በቴፑ ጠርዝ ላይ ነጭ ዱቄት ካለ ሻጋታ ነው፤ ዴኩ ውስጥ ከገባ ቀጥሎ የሚገባውን ሁሉ ይበክላል። ንጹሑን እስከ መጨረሻው አሽከርክረህ መልስ፣ ጥቅልሉ እኩል ይጠብቃል። ሄዱን (ቴፑን የሚያነበውን ክፍል) በ99% አይሶፕሮፒል አልኮልና በሻሞይ ቆዳ፣ በአግድም ብቻ ጥረግ። የጥጥ ቁራጭ ክሩ ተይዞ ሄዱን ይሰብራል።

ፒክስል፦ ኤምፒ4 ለማሳያ እንጂ ለዋና ቅጂ አይሆንም፣ የጣለውን ዝርዝር አይመልስም። ዋናውን ምንም ሳይጥል በሚጨምቀው በኤፍኤፍቪ1 ኮዴክ፣ በኤምኬቪ የፋይል መያዣ ቅዳ። የካሴቱ የቴሌቪዥን ሥርዓት ፓል ከሆነ 720 በ576፣ በሰከንድ 25 ፍሬም፤ ኤንቲኤስሲ ከሆነ 720 በ480፣ 29.97 ፍሬም። ሳይጨመቅ በሰዓት 75 ጊጋባይት ገደማ የሚፈጀው በኤፍኤፍቪ1 ወደ 30 ይወርዳል፤ የ90 ደቂቃ ፊልም 45 ያህል ማለት ነው። የኤፍኤፍቪ1 ሦስተኛው ስሪት በየቁራጩ የስህተት መፈተሻ ስላለው ከዓመታት በኋላ የተበላሸውን ፍሬም ራሱ ይጠቁምሃል። ቀለም ማሳመር፣ ጭረት ማጥፋት፣ ማሾል፣ ሁሉም በማሳያው ቅጂ ላይ ብቻ!

ጠያቂ፦ አመሰግናለሁ። 45 ጊጋ በብራውዘር ሲጫን መሃል ላይ ይቋረጣል፤ ለዚህስ?

መዝጋቢ፦ ማኅደሩ የራሱ የትእዛዝ መስመር መሣሪያ አለው፣ በእሱ ጫን። የቼክሰም (የፋይል መፈተሻ ቁጥር) አማራጩን ካበራህ ደግመህ ስታስነሳው ቀድመው የገቡትን ፋይሎች ያልፋቸዋል። ሲያልቅ ኤምዲ5 የሚባለውን የማኅደሩን መፈተሻ ቁጥር ከአንተ ጋር አመሳክር፤ እስኪገጥም ድረስ ከዲስክህ ምንም አትሰርዝ። የገጹን መለያ በጥንቃቄ ምረጥ፣ አንዴ ከተፈጠረ አይለወጥም። ርዕሱን፣ ዓመቱን፣ አዘጋጁን፣ ከየትኛው ዓይነት ካሴት በምን መሣሪያ እንደተቀዳ ጻፍ። ያለዚህ ፋይሉ ቢኖርም ፈልጎ የሚያገኘው የለም።

ሕግ አዋቂ፦ ዋናው ነገር አልተነሣም። ካሴቱ የአንተ መሆኑ ፊልሙን የማሰራጨት መብት አይሰጥህም። ማኅደሩ አሜሪካ ነው ያለው፤ በዚያ ሕግ እ.ኤ.አ. ከ1978 በፊት ለወጣ ፊልም ጥበቃው እስከ 95 ዓመት ሊደርስ ይችላል። ጥበቃው ላላበቃባቸው ፊልሞች ከባለመብቱ የጽሑፍ ፈቃድ ያዝ፤ የሙዚቃው መብት ብዙ ጊዜ የሌላ ሰው ስለሆነ ለብቻው ጠይቅ። ፈቃዱ እስኪገኝ መቅዳቱን ግን አታዘግየው፣ ቴፕ አይጠብቅም። ሦስት ቅጂ በሁለት ዓይነት ማስቀመጫ፣ አንዱ ሌላ ቦታ ይቀመጥ።