በልብወለዴ ዓለም ያለው ኃይል ሁሉን ቻይ ሆነብኝ፤ እርዱኝ

የአራት ኪሎዋ (ጠያቂ)፦
ሰላም ቤተሰብ። ልብወለድ እየጻፍኩ ነው። ከሥራ መልስ አብርሆት ቤተ መጻሕፍት እየገባሁ 140 ገጽ ደርሻለሁ። ታሪኩ የሚሆነው ኦሬም በምትባል፣ እኔው በፈጠርኳት ዓለም ነው። ኦሬም ውስጥ ከሁሉም ነገር ሥር አንድ ኃይል አለ። ተራራው የሚቆመው፣ ወንዙ የሚወርደው፣ ሰው ትናንትን የሚያስታውሰው በእሱ ነው። ድምፁን የሰማ ሰው ሊያዘው ይችላል። ጀግናዋ ትሰማዋለች።

ችግሩ እዚህ ላይ ነው። ታናሽ እህቴ አነበበችና "ታዲያ ክፉውን ንጉሥ ለምን በመጀመሪያው ቀን አታጠፋውም?" አለችኝ። መልስ አጣሁ። ስሙንም "ታላቁ ኃይል" ብዬዋለሁ፤ ደስ አላለኝም። ምዕራፍ 1 ደግሞ 11 ገጽ ሙሉ ማብራሪያ ነው። እናቴ ሁለቱን ገጽ ሰምታ "ይሄ ነገር ጥንቆላ ነው እንዴ?" ብላኝ ወደ ጓዳ ገባች። ምን ላድርግ?

ቆጣሪ፦
"ታላቁ ኃይል" ስትይ እኔ የመጣልኝ መብራት ነው። እየቀለድኩ ነው፤ ግን ሙሉ ቀልድ አይደለም። የኛ ቤት ቆጣሪ በካርድ ነው። ምጣዱ ግሎ ሊጡ ሊፈስ ሲል ሂሳብ ያልቃል። ሰው ስለ መብራት የሚያስበው ያኔ ነው። ጀግናሽም ካርዷ ይለቅባት። ቀን ሙሉ ከተጠቀመች ማታ ባዶ ትሁን።

የሸማኔ ልጅ፦
ሐሳብህ አይከፋም፤ ግን ካርድ ተመልሶ ይሞላል። የሚሞላ ነገር አያስፈራም።

አባቴ ሸማኔ ነው። መጀመሪያ ድሩ ይወጠራል። ከዚያ ማጉ በመወርወሪያ ከግራ ቀኝ ይመላለሳል። ነጠላው ካለቀ በኋላ ማጉን ነጥሎ የሚያይ የለም፤ ሰው የሚያየው ነጠላውን ነው። ልጅ ሆኜ ካለቀ ነጠላ ላይ ብቅ ያለች አንዲት ክር ስቤ አውቃለሁ። የሳብኩት እዚህ ጫፍ፣ የተሸበሸበው እስከ ወዲያኛው ጫፍ። የአባቴ ቁንጥጫ እስካሁን ያመኛል።

ኃይልሽን እንደዚያ አድርጊው። ኦሬም የተሸመነች ዓለም ናት እንበል። ጀግናዋ ክር ስትስብ የፈለገችው ይሆንላታል። ግን ክሩ ከሌላ ቦታ ነው የሚመጣው። እዚህ ድልድይ ካቆመች፣ እዚያ የሆነ ነገር ይሳሳል። የት እንደሆነ አታውቅም። ንጉሡንም ያልነካችው ለዚህ ነው። የሱ ክር ከማን ክር ጋር እንደተያያዘ በምን ታውቃለች? ከገዛ እናቷ ጋር ቢሆንስ? ለእህትሽ እንዲህ በያት።

መጽሐፍ ሻጩ፦
ልጄ፣ እኔ ስለ ስሙ ልናገር። ቻይናዎች "ቺ"፣ ሕንዶች "ፕራና" ይላሉ፤ ሁለቱም ከትንፋሽ ጋር የተያያዙ ቃላት ናቸው። በኛ አገር ትምህርት የሰው ሥጋ ከአራቱ ባሕርያት ነው፦ ከነፋስ፣ ከእሳት፣ ከውሃና ከመሬት። መጽሐፈ ኩፋሌን ብትገልጪ በ6 ቀን የተፈጠሩት 22 ሆነው ተቆጥረው ታገኛቸዋለሽ። ይህን ሁሉ እወቂው፤ እንዳለ ግን አትውሰጂው። ሰው የሚያምንበት ነገር ነው። "ህላዌ" የሚለው ቃል ያምራል፤ ነገር ግን የነገረ መለኮት ቃል ነው። አንባቢሽ ኦሬምን ትቶ ክርክር ውስጥ ይገባል። እናትሽንም አስቢ።

ደግሞስ ምን ስም ያስፈልግሻል? የሸማኔው ልጅ ሰጥቶሻል እኮ። "ማግ" በዪው። አጭር ነው፣ የቤት ቃል ነው።

ፊዚክስ አስተማሪ፦
ጋሼ ያሉት ተመችቶኛል። እኔ ስለ 11 ገጹ ልበል። በ19ኛው ክፍለ ዘመን የፊዚክስ ሰዎች ሕዋውን የሞላ፣ ብርሃን የሚጓዝበት "ኤተር" የሚባል ነገር አለ ይሉ ነበር። በ1887 እ.ኤ.አ. ማይክልሰንና ሞርሊ የሚባሉ ሁለት ሰዎች መሬት በኤተሩ ውስጥ ስትሄድ በብርሃን ፍጥነት ላይ የምታመጣውን ልዩነት ለመለካት ሞከሩ። የጠበቁትን አላገኙም። ኦሬም ውስጥም ማግን ልለካ የሚል አንድ ግትር ሰው አስገቢ። እሱ እየተሳሳተ አንባቢው ይማራል። ማብራሪያውን ቅደጂው።

ዝም ባይ፦
እኔ አልስማማም። ሁሉን ነገር ሂሳብ አደረጋችሁት። እንዴት እንደሚሠራ እስከ ጫፉ ከታወቀ ቧንቧ ሆነ ማለት ነው። አያቴ ስለ ዛር አብራርታልን አታውቅም። "ቡናው ይፈላ" ብቻ ነበር የምትለው። እኛ ግን ከዚያ በኋላ ብቻችንን ጓዳ አንገባም ነበር።

የሸማኔ ልጅ፦
ግማሹን ልክ ብለሃል። ደንቡን ጸሐፊዋ ትወቀው፤ ጀግናዋ አትወቀው።

የአራት ኪሎዋ፦
እግዜር ይስጥልኝ። ከሦስት ቀን በኋላ ነው የተመለስኩት፤ ስጽፍ ነበር። ምዕራፍ 1 ተቆረጠ። አሁን የሚጀምረው ከጎርፉ ነው። ጀግናዋ ወንድሟን ከውሃው ለማውጣት ማግ ትስባለች። ልጁ ይተርፋል። በዚያችው ሰዓት ሩቅ መንደር ያለች አንዲት ሴት የልጇን ስም ትረሳለች።

ሴትየዋ ማን እንደሆነች እኔም ገና አላወቅኩም። እህቴ ግን ማታ ማታ ስለ እሷ ነው የምትጠይቀኝ። ንጉሡን ረስታዋለች።

ቆጣሪ፦
የኔ ካርድ ቀረ ማለት ነው?

የአራት ኪሎዋ፦
ቀረ። ፒያሳ ቡና አለብኝ ግን።